በክሪፕቶ ለገዛችሁት መኪና ሻጩ የሚቀበለው ዶላር ነው

(በዋሽንግተንና አካባቢው ለሚኖሩ፣ በመኪና ንግድ ለተሰማሩና ክሪፕቶ ላላቸው ወገኖች የቀረበ ንግግር)

ጤና ይስጥልኝ፣ እንደምን አመሻችሁ! የተከበራችሁ አባቶችና እናቶች፣ ወንድሞችና እህቶች፣ ከሥራ ወጥታችሁ ቤት ሳትገቡ በቀጥታ ወደዚህ ስለመጣችሁ ከልብ አመሰግናለሁ። ይህን መድረክ ያዘጋጁትንም እግዚአብሔር ያክብርልኝ።

እዚህ አዳራሽ ውስጥ ሁለት ዓይነት ሰው አለ። ገሚሶቻችሁ መኪና ትሸጣላችሁ፤ በዲለር የሽያጭ ወይም የፋይናንስ ክፍል ውስጥ፣ አለዚያም በራሳችሁ ፈቃድ። ገሚሶቻችሁ ደግሞ ከዓመታት በፊት የገዛችሁት ክሪፕቶ፣ ማለትም እንደ ቢትኮይንና ኢተር ያለ ዲጂታል ገንዘብ፣ አድጎላችሁ «እስቲ አንድ ደህና መኪና ልግዛበት» የምትሉ ናችሁ። ለሁለታችሁም የማመጣው መልእክት አንድ ነው።

«ክሪፕቶ እንቀበላለን» ብሎ የለጠፈ የቅንጡ መኪና ሻጭ፣ አብዛኛውን ጊዜ ክሪፕቶ እጁ አይገባም። የሚገባለት ዶላር ነው። ደግሜ ልበለው፤ የሚገባለት ዶላር ነው! በመሃል አንድ አስተላላፊ ድርጅት አለ። እሱ ክሪፕቶውን ከእናንተ ይቀበላል፣ ወዲያው ወደ ዶላር ይለውጣል፣ ዶላሩን ለሻጩ ባንክ ይልካል። ታዲያ የዋጋው መውጣት መውረድ የማን ነው? በተሳሳተ ኔትወርክ (ክሪፕቶው በሚተላለፍበት መስመር) የተላከው ገንዘብ የማን ነው? ግብሩስ? የገዢው ነው፤ ሁሉም የገዢው ነው። ይህን ሳያውቅ «ላክ» የሚለውን የሚጫን ሰው እንዳይኖር ነው ዛሬ የመጣሁት።

በመጀመሪያ ነገሩ እንዴት እንደተጀመረ ባጭሩ፣ ቀጥሎ የክፍያውን ቀን በዝርዝር፣ ከዚያ ግብሩን፣ ከዚያ ለሻጮች የሚሆነውን እናገራለሁ። ዓመቶቹን ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ያዙልኝ።

ነገሩ አዲስ አይደለም። በዲሴምበር 2013 በካሊፎርኒያ፣ ኮስታ ሜሳ ከተማ የሚገኝ የላምቦርጊኒ ዲለር አንድ ቴስላ ሞዴል ኤስ በ91.4 ቢትኮይን ሸጠ። የዚያን ጊዜ ዋጋው 103,000 ዶላር ገደማ ነበር። ዲለሩ ያን ጊዜም ቢትኮይኑን አላስቀረም፤ ቢትፔይ በሚባለው አስተላላፊ በኩል ዶላሩን ነው የወሰደው። በ2018 መጀመሪያ ላይ ሂውስተን ያለው ፖስት ኦክ ሞተር ካርስ፣ ሮልስ ሮይስ፣ ቤንትሌይና ቡጋቲ የሚሸጠው፣ በዚሁ መንገድ ገባ። ፌራሪ ደግሞ በኦክቶበር 2023 በአሜሪካ፣ በጁላይ 2024 በአውሮፓ ላሉ ሻጮቹ በሩን ከፈተ። በአሜሪካ ሲጀምር የተቀበላቸው ሦስት ናቸው፦ ቢትኮይን፣ ኢተርና ዩኤስዲሲ (ዋጋው ከዶላር ጋር እኩል እንዲሆን የተሠራ ክሪፕቶ)። ፌራሪ በግልጽ ያለው ምንድን ነው? አስተላላፊው ወዲያው ወደ መደበኛ ገንዘብ ስለሚለውጠው፣ ሻጮቻችን ለዋጋ መዋዠቅ አይጋለጡም ነው ያለው።

በሌላ መንገድ የሄደው ቴስላ ነበር። በማርች 2021 በቢትኮይን መሸጥ ሲጀምር «የሚከፈለኝን ቢትኮይን ወደ ዶላር አልለውጥም፣ እይዘዋለሁ» አለ። ሁለት ወር ሳይሞላው፣ በሜይ 12፣ ለማይኒንግ (ቢትኮይን በኮምፒውተር ለማውጣት) የሚቃጠለውን ነዳጅ ምክንያት አድርጎ አቆመ። በ2022 አጋማሽ ደግሞ ከያዘው ቢትኮይን 75 በመቶውን ሸጠ። በዚያው ዓመት መጨረሻ ቢትኮይን ወደ 16,000 ዶላር ወርዶ ነበር። እንግዲህ ያን ያህል አቅም ያለው ኩባንያ መያዙን ካልቀጠለበት፣ በጠባብ ትርፍ የሚሠራ አንድ ዲለር እይዘዋለሁ ይላል? አይልም፤ ማለትም የለበትም።

አሁን ወደ ክፍያው ቀን እንምጣ። እዚህ ላይ ረዘም አድርጌ እቆማለሁ፣ ምክንያቱም ሰው ገንዘቡን የሚያጣው እዚህ ነው።

አንድ ገዢ እንበል። መኪናው፣ ግብሩና የታርጋው ወጪ ሁሉ ተደምሮ 240,000 ዶላር ነው። መጀመሪያ የሽያጭ ውሉ ይፈረማል፤ ውሉ ላይ የሚጻፈው ዋጋ በዶላር ነው። ቀጥሎ አስተላላፊው ድርጅት ማንነታችሁን ያጣራል። መታወቂያ ወይም ፓስፖርት፣ የፊት ፎቶ፣ አድራሻ፣ አንዳንዴም የገንዘቡን ምንጭ ይጠይቃል። ይህን በክፍያው ቀን አታድርጉት! ከሳምንት በፊት ጨርሱት። ስም ላይ አንዲት ፊደል ብትለያይ፣ ፓስፖርቱ ላይ የአያት ስም ኖሮ መንጃ ፈቃዱ ላይ ባይኖር፣ ማጣራቱ ይቆማል። የእኛ የስም አጻጻፍ ደግሞ ለዚህ ጣጣ የተመቸ ነው፤ ታውቁታላችሁ።

ሁለተኛ፣ ክሪፕቶው የት ነው ያለው? ኤክስቼንጅ (ክሪፕቶ የሚገዛበትና የሚሸጥበት ድርጅት) ላይ ከሆነ የቀን ማውጫ ጣሪያ አለው። ጣሪያው 100,000 ዶላር ሆኖ ሂሳቡ 240,000 ከሆነ በአንድ ቀን አይወጣም። ብዙ ኤክስቼንጆች ላይ ደግሞ አዲስ የመላኪያ አድራሻ ካስመዘገባችሁ በኋላ ከ24 እስከ 48 ሰዓት መጠበቅ ሊኖር ይችላል። ስለዚህ የሚከፈለውን መጠን አስቀድማችሁ ወደ ራሳችሁ ዋሌት (ክሪፕቶውን ራሳችሁ ወደምትይዙበት ቦርሳ) አውጡ፤ ወደ ራሳችሁ ዋሌት ስታወጡ ትንሽ መጠን ቀድማችሁ ሞክሩ፣ መድረሱን እዩ፣ ከዚያ ቀሪውን ላኩ።

ሦስተኛው ኢንቮይሱ፣ ማለትም የክፍያ መጠየቂያው ነው። ዲለሩ በስማችሁ ይከፍታል፤ ስክሪን ላይ የምትከፍሉት መጠን፣ አድራሻው፣ ኪውአር ኮዱና የሚቆጥር ሰዓት ይመጣል። ብዙ ጊዜ 15 ደቂቃ ነው። ለነዚያ 15 ደቂቃዎች የምንዛሪው ዋጋ ተቆልፏል። ቢትኮይን 80,000 ዶላር ከሆነ ኢንቮይሱ 3 ቢትኮይን ይላል። 2.9995 አይደለም፣ 3 ነው። እዚህ ላይ አንድ ነገር ላስምርበት፦ ቅድም «ትንሽ ልካችሁ ሞክሩ» ያልኳችሁን እዚህ እንዳታደርጉት! የኢንቮይስ አድራሻ ለአንድ ክፍያ ብቻ የተሠራ ነው። 50 ዶላር ለሙከራ ብትልኩ ሲስተሙ «ጎዶሎ ክፍያ» ብሎ ይመዘግበዋል። ሰዓቱ ካለፈ ገንዘቡ በተመላሽ ሂደት ውስጥ ይገባል፣ የኔትወርክ ክፍያውም ከላዩ ይቆረጣል። መሞከር የፈለገ ሰው ዲለሩን «የ1,000 ዶላር የቀብድ ኢንቮይስ ለብቻ ክፈትልኝ» ይበል። እሱ በደህና ካለፈ የዋናው ኢንቮይስ ይከፈታል።

ከኤክስቼንጅ በቀጥታ የሚከፍሉ ሰዎች ላይ ደጋግሞ የሚደርስ ሌላ ችግር አለ። 3 ቢትኮይን ብለው ይጽፋሉ፣ ኤክስቼንጁ የራሱን የመላኪያ ክፍያ ከዚያው ላይ ይቀንሳል፣ ለአስተላላፊው የሚደርሰው 2.9997 ይሆናል። ጎዶሎ ክፍያ! መኪናው ቆሞ፣ ሻጩም ገዢውም ስክሪን ላይ አፍጥጠው ይቀራሉ። «የሚደርሰው መጠን» እና «የሚወጣው መጠን» የሚሉትን ለዩ። የሚደርሰው ነው ከኢንቮይሱ ጋር እኩል መሆን ያለበት።

በቢትኮይን ኔትወርክ አንድ ብሎክ (ክፍያዎች የሚመዘገቡበት ገጽ) በአማካይ በ10 ደቂቃ ይወጣል። ክፍያችሁ በ15 ደቂቃው ውስጥ ኔትወርኩ ላይ መታየት አለበት፤ ማረጋገጫው ግን ከዚያ በኋላ ነው የሚቆጠረው፤ ክፍያው ከተመዘገበበት ብሎክ ጀምሮ የሚወጣው እያንዳንዱ ብሎክ አንድ ማረጋገጫ ነው። በትልልቅ ክፍያ እስከ 6 ማረጋገጫ ይጠበቃል፤ አንድ ሰዓት ያህል ማለት ነው፣ ኔትወርኩ ከተጨናነቀ ከዚያም በላይ። የኔትወርክ ክፍያውን ለመቆጠብ ብሎ ዝቅተኛውን የሚመርጥ ሰው አለ። በ240,000 ዶላር ግዢ ላይ አምስት ዶላር ለመቆጠብ ብሎ ክፍያው ለሰዓታት እንዲንጠለጠል ማድረግ ምን ይሉታል? ፈጣኑን ምረጡ።

በዩኤስዲሲ የምትከፍሉ ደግሞ ስሙኝ። ዩኤስዲሲ ዋጋው ከዶላር ጋር ስለሚሄድ ለመኪና ግዢ ከሁሉ የሚመች ነው፤ እኔም የምመክረው እሱን ነው። ግን ዩኤስዲሲ በብዙ ኔትወርክ ላይ አለ፦ በኢቴሪየም፣ በሶላና፣ በፖሊጎን፣ በሌሎችም። ኢንቮይሱ «ኢቴሪየም» ካለ በኢቴሪየም ብቻ ላኩ። የኢቴሪየምና የፖሊጎን አድራሻ በመልክ አንድ ነው፤ ሁለቱም በዜሮና በኤክስ ይጀምራሉ፤ ስለዚህ ዋሌቱ ስህተቱን ላይነግራችሁ ይችላል። በሌላ ኔትወርክ የተላከ ገንዘብ ቢገኝ በልመናና በሳምንታት ነው፤ አንዳንዴም ጭራሽ አይገኝም። ሌላው፣ በኢቴሪየም ላይ ዩኤስዲሲ ለመላክ ጋዝ የሚባለው የኔትወርክ ክፍያ የሚከፈለው በኢተር ነው። ዋሌታችሁ ውስጥ 240,000 ዩኤስዲሲ ኖሮ አንዲት ፍርፋሪ ኢተር ከሌለ፣ አንድ ዶላር እንኳ መላክ አትችሉም! ሰዓቱ ይቆጥራል፣ እናንተ ኢተር ፍለጋ ትሮጣላችሁ። ቢያንስ የ50 ዶላር ኢተር ቀድማችሁ አስቀምጡ።

ዩኤስዲሲም ቢሆን አይነቃነቅም ማለት አይደለም። በማርች 2023 ሲሊኮን ቫሊ ባንክ ሲወድቅ፣ ዩኤስዲሲን የሚያወጣው ሰርክል 3.3 ቢሊዮን ዶላር እዚያ ባንክ ውስጥ ነበረው። በማርች 11፣ ቅዳሜ ቀን፣ አንዱ ዩኤስዲሲ ከ88 ሳንቲም በታች ወረደ። በ88 ሳንቲም ብናሰላው 240,000 ዩኤስዲሲ 211,200 ዶላር ብቻ ያወጣ ነበር፤ 28,800 ዶላር ጎደለ ማለት ነው። መንግሥት የአስቀማጮቹ ገንዘብ ይከፈላል ሲል በቀናት ውስጥ ወደ ቦታው ተመለሰ። ስለዚህ ከፍተኛ ገንዘብ ለሳምንታት በዩኤስዲሲ አስቀምጣችሁ መኪና አትጠብቁ፤ ለግዢው ሲቃረብ ለውጡ።

አሁን ስለ ሌቦቹ። ከሁሉ የሚከፋው አድራሻ መቀየር ነው። አንድ ዓይነት ቫይረስ አለ፤ ኮፒ ያደረጋችሁትን አድራሻ ፔስት ስታደርጉ በሌባው አድራሻ ይተካዋል። ሌላው ደግሞ የእናንተን የተለመደ አድራሻ የሚመስል፣ መጀመሪያውና መጨረሻው አንድ ዓይነት የሆነ አድራሻ ሠርቶ፣ ከዚያ ትንሽ ሳንቲም ወደ ዋሌታችሁ ይልካል። እናንተ በሌላ ጊዜ ከታሪክ ዝርዝሩ ላይ ኮፒ ስታደርጉ የሱን ታነሳላችሁ። በሜይ 2024 አንድ ሰው በዚህ መንገድ 68 ሚሊዮን ዶላር ገደማ የሚያወጣ 1,155 ራፕድ ቢትኮይን (በኢቴሪየም ላይ ቢትኮይንን የሚወክል ክሪፕቶ) በአንድ ጊዜ ለሌባ ላከ። ከብዙ ድርድር በኋላ አብዛኛው ተመለሰለት፤ እንዲህ ያለው ግን እምብዛም አይገጥምም። አራት ፊደል ከፊት፣ አራት ፊደል ከኋላ አይቶ መላክ ይብቃን! ከመሃል ያለውንም አንብቡት። ኪውአር ኮዱንም ዲለሩ ቢሮ ውስጥ ካለው ስክሪን ላይ ስካን አድርጉ እንጂ በዋትስአፕ ወይም በቴሌግራም የመጣ አድራሻ ላይ አትላኩ። «አካውንታችን ተቀይሯል፣ በዚህ አድራሻ ላኩ» የሚል ኢሜይል ከመጣ ደግሞ ስልኩን አንሡ፣ ኢሜይሉ ላይ ወዳለው ሳይሆን ራሳችሁ ወደምታውቁት ቁጥር ደውሉ። ክሪፕቶ እንደ ክሬዲት ካርድ አይደለም፤ አንዴ ከሄደ ባንክ ደውላችሁ አታስመልሱትም።

ወደ ግብሩ እንሂድ። ብዙ ሰው «መኪና ነው የገዛሁት እንጂ አልሸጥኩም» ይላል። ወገኖቼ፣ ሸጣችኋል! አይአርኤስ፣ የፌዴራሉ የግብር መሥሪያ ቤት፣ ከ2014 ጀምሮ ክሪፕቶን እንደ ንብረት ነው የሚያየው። ወርቅ ሸጦ ቤት እንደገዛ ሰው ቁጠሩት፤ ቤቱ ግዢ ነው፣ ወርቁ ግን ሽያጭ ነው። ትርፉ ላይ ግብር አለ።

ምሳሌውን እንቀጥል። ያ ገዢ ነጠላ ነው፣ ቨርጂኒያ ነው የሚኖረው፣ ደመወዙ 90,000 ዶላር ነው። ሦስቱን ቢትኮይን በ2020 በ10,000 ዶላር ሂሳብ ገዝቷቸዋል። ወጪው 30,000፣ የመኪናው ዋጋ 240,000፣ ትርፉ 210,000 ዶላር። ከአንድ ዓመት በላይ ስለያዘው የፌዴራል ተመኑ ለሱ 15 በመቶ ነው፦ 31,500 ዶላር። ደመወዙና ትርፉ ተደምሮ 300,000 ሆኖ ከ200,000 ስላለፈ፣ ከዚያ በላይ ባለው 100,000 ላይ 3.8 በመቶ ይጨመራል፦ 3,800። ቨርጂኒያ ደግሞ በ5.75 በመቶ 12,075 ትወስዳለች። ድምሩ 47,375 ዶላር! ሦስቱንም ቢትኮይን ለመኪናው ከፍሎ ጨርሷል። ይህን ገንዘብ ከየት ያመጣዋል? እንደ 240,000 ዶላር መኪና ሳይሆን እንደ 287,000 ዶላር መኪና አስቡት። ለዚህ ነው ከመፈረማችሁ በፊት ሂሳብ ባለሙያችሁ ጋ ሂዱ የምለው።

ከዓመት ላልበለጠ ጊዜ የያዛችሁት ከሆነ ደግሞ ትርፉ እንደ ደመወዝ ነው የሚታየው፤ ተመኑ እስከ 37 በመቶ ይደርሳል። 11 ወር የያዘ ሰው አንድ ወር ከጥቂት ቀን ቢታገስ ምን ነበረበት?

አሁን የምነግራችሁን ያዙልኝ፣ ብዙ ገንዘብ የሚያድን ነገር ነው። ያ ሰው በዚያው ዋሌት ውስጥ ሌላ 3 ቢትኮይን፣ በ2024 በ65,000 የገዛው፣ አለው እንበል። ምንም ሳይል ከከፈለ አይአርኤስ «መጀመሪያ የገባው መጀመሪያ ወጣ» ብሎ ይቆጥራል፤ የ2020ዎቹ ወጡ፣ ትርፉ 210,000። ከመክፈሉ በፊት ግን «የማወጣው የ2024ዎቹን ነው» ብሎ ቀኑን፣ መጠኑንና የገዛበትን ዋጋ መዝግቦ ከያዘ ትርፉ 45,000 ዶላር ብቻ ነው። ከዓመት በላይም ከያዛቸው ግብሩ ከ47,000 ወደ 10,000 ያልሞላ ይወርዳል። የ2020ዎቹ ትርፍ አልጠፋም፣ ሲሸጡ ይመጣል፤ ዘንድሮ ግን አይመጣም። ምርጫው ከክፍያው በፊት መመዝገብ አለበት። ሚያዝያ ላይ ግብር ስትሠሩ አስታውሳችሁ የምታስተካክሉት አይደለም። ከጃንዋሪ 2025 ጀምሮ ደግሞ ሂሳቡ ለየዋሌቱ ለብቻ ነው፤ አንዱን ዋሌት ከሌላው ጋር መደባለቅ ቀርቷል።

«መጀመሪያ ወደ ዩኤስዲሲ ብለውጠውስ?» ትሉኛላችሁ። ግብሩ የለወጣችሁ ዕለት ይቆጠራል። ቀኑ ነው የሚለወጠው፣ ዕዳው ያው ነው። ኢንቮይሱን፣ የትራንዛክሽኑን ቁጥርና በዚያች ሰዓት የነበረውን ዋጋ በፒዲኤፍ አስቀምጡ። ሜይ ላይ ከከፈላችሁ ግብሩ እስከ ሚያዝያ ላይጠብቅ ይችላል፤ የሩብ ዓመቱ ቅድመ ክፍያ ጁን 15 ነው።

ስለ ቀብድ አንድ ነገር ልጨምር። 10,000 ዶላር ቀብድ በ0.125 ቢትኮይን ከፈላችሁ። ሐሳባችሁን ቀይራችሁ ከሦስት ወር በኋላ ይመለስልኝ አላችሁ፤ በዚያን ጊዜ ቢትኮይን 100,000 ገብቷል። የሚመለስላችሁ 10,000 ዶላር ነው፤ በዚያን ጊዜ ዋጋ 0.1 ቢትኮይን ብቻ ይገዛል። በ2021 የቴስላ ውል ላይም ተመላሹ በቢትኮይን ይሁን በዶላር የሚመርጠው ድርጅቱ ነበር። ውሉ ላይ «ተመላሽ» የሚለውን አንቀጽ ሳታነቡ አትፈርሙ።

አሁን ወደ ሻጮቹ፤ በዲለር ለምትሠሩ ልጆቻችን። ሙሉ ክፍያው መቶ በመቶ ወደ ዶላር እንዲለወጥ አድርጉ። አስተላላፊው 1 በመቶ ቢወስድ ከ240,000 ላይ 2,400 ዶላር ነው፤ ሁለት በመቶ ከሆነ 4,800። ይህ ከማን ይወጣል? ከመደራደራችሁ በፊት ለዩት። ስክሪንሾት አይታችሁ ቁልፍ አትስጡ! ስክሪንሾት በሁለት ደቂቃ ይሠራል። የድርጅቱ ዳሽቦርድ ላይ ክፍያው ተጠናቅቋል እስኪል ጠብቁ፤ ትልቅ መኪና ከሆነ ደግሞ ዶላሩ ባንክ እስኪገባ። ክሪፕቶ ቅዳሜ ማታም ይሄዳል፣ ባንኩ ግን ሰኞ ነው የሚከፍተው። ኢንቮይሱ ላይ ያለው ስምና ታይትሉ (የመኪናው የባለቤትነት ወረቀት) ላይ የሚጻፈው ስም አንድ ይሁን። «ወንድሜ ይከፍልልኛል» ሲባል ወንድምየው ራሱ በመታወቂያው ይጣራ። በራሳችሁ የግል ዋሌት ደግሞ በጭራሽ፣ በጭራሽ አትቀበሉ፤ ሥራችሁን ብቻ ሳይሆን ነጻነታችሁን ልታጡበት ትችላላችሁ።

ከ10,000 ዶላር በላይ ጥሬ ገንዘብ ስትቀበሉ በ15 ቀን ውስጥ ለአይአርኤስ ፎርም 8300 እንደምትሞሉ ታውቃላችሁ። በ2021 የወጣው ሕግ ክሪፕቶንም ከጥሬ ገንዘብ ጋር ደምሮታል፤ አይአርኤስ ግን በጃንዋሪ 2024 ዝርዝር ደንቡ እስኪወጣ ድረስ ክሪፕቶውን አትቁጠሩ ብሏል። ፋይሉን ግን ከዛሬ ጀምራችሁ እንደሚጠየቅ አድርጋችሁ ያዙ። ለገዢዎችም ይህ ይመለከታችኋል፦ በቴሌግራም ከማታውቁት ሰው የገዛችሁት ክሪፕቶ ቀደም ሲል በተሰረቀ ገንዘብ መንገድ ያለፈ ከሆነ፣ አስተላላፊው አጣርቶ ሊያግደው ይችላል። መኪናውም ገንዘቡም ከእጃችሁ ይርቃል።

በወረቀት የደረሰኝ አንድ ጥያቄ አለ፤ «አዲስ አበባ ያለ ሻጭ በክሪፕቶ ክፈለኝ ቢለኝስ?» ይላል። አይሆንም። የኢትዮጵያ ብሔራዊ ባንክ በ2022 የሀገሪቱ ሕጋዊ ገንዘብ ብር መሆኑንና በክሪፕቶ መክፈል ሕገወጥ መሆኑን አስታውቋል። ሻጩ ቢክድ በየትኛው ውል ትከሳላችሁ? ከዚህ ገዝታችሁ ልትልኩ ያሰባችሁም ካላችሁ፣ ከ2024 ጀምሮ በቤንዚንና በናፍጣ የሚሠራ የቤት መኪና ወደ ሀገር ማስገባት መከልከሉን አትርሱ።

እስካሁን በትዕግሥት ስላዳመጣችሁኝ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ማይክሮፎኑ ከኋላ በኩል ይዞራል፤ የዋሌት ዝርዝራችሁን ይዛችሁ የመጣችሁ ካላችሁ የግብሩን ጥያቄ እናስቀድም።